ከስሟ በፊት ወገቧን እዩ፦ ተርብን፣ ጉንዳንንና ዘመዶቻቸውን ለመለየት

ባለፈው መስከረም ነው። ከለገጣፎ አለፍ ብላ ካለችው ቤታችን በረንዳ፣ ጣሪያው ማዕዘን ላይ፣ ጡጫ የሚያህል የጭቃ ጉብታ ተለጥፏል። ጎረቤታችን እማማ ገና ከበር ሲገቡ አዩትና «ልጄ፣ ተርብ ሰፍሮባችኋል! ማታ ጨርቅ በጋዝ ነክረህ አቃጥለው፣ ቤት ውስጥ ሕፃን አለ» አሉኝ። «እማማ፣ ይቺኛዋ ሰው ላይ አትመጣም፣ ሥራዋ ከሸረሪት ጋር ነው» ብላቸው «ተርብ ተርብ ነው!» ብለው ዘጉኝ።

በአፍ ከመከራከር ማሳየት ይሻላል ብዬ መሰላል አመጣሁና ጉብታውን በካቻቢቴ ጫፍ ፈልቀቅ አደረግኩት። ውስጡ ጎን ለጎን የተደረደሩ፣ የጣት ውፍረት ያላቸው ክፍሎች አሉ። ከአንዱ ክፍል እግራቸውን ያጠፉ ሸረሪቶች እጄ ላይ ዝርግፍ አሉ። እማማ አማተቡ። «ማን ገደላቸው?» «አልሞቱም እማማ፣ ነድፋ አደንዝዛቸው ነው። ልጇ እስክታድግ ድረስ ትኩስ ሥጋ ሆነው ይጠብቋታል።» ይሄን ሲሰሙ ከተርቧ ይልቅ እኔን በጥርጣሬ አዩኝ።

እውነቱን ለመናገር ግን እማማ አልተሳሳቱም። ተርብ ናት። ችግሩ «ተርብ» የምንለው ቃል በጣም ሰፊ መሆኑ ነው። ወረቀት የምትሠራዋ ተርብ ናት፣ ጭቃ የምታቦካዋ ተርብ ናት፣ መሬት ቆፍራ ሸረሪት የምትቀብረዋም፣ ከጤፍ ቅንጣት የማትበልጠዋም እንዲሁ። የእኛ ስሞች የትልቅ ቤተሰብ ስሞች ናቸው። ጉንዳን፣ ተርብ፣ ዝንብ፣ ጢንዚዛ ብለን እንጨርሳለን። ከዚያ በታች መውረድ የሚፈልግ ሰው ግን ስም ከመፈለጉ በፊት ቅርፅ ማየት መልመድ አለበት። ይሄ ጽሑፍም ስለዚያ ነው።

የት ላይ ማቆም እንዳለባችሁ

ጀማሪ ሁሉ የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው። አንድ ፎቶ ያነሳና ሙሉ የላቲን ስም ይፈልጋል። እስካሁን ስም የወጣላቸው የጉንዳን ዝርያዎች ብቻ ከ14,000 በላይ ናቸው። ንብ፣ ተርብና ጉንዳን በአንድነት የሚገቡበት ሃይመኖፕቴራ የሚባለው ኦርደር (ሰፊው ምድብ ነው፤ ከእሱ በታች ፋሚሊ፣ ከዚያ ጂነስ፣ መጨረሻ ላይ ስፒሺስ ወይም ዝርያ ይመጣል) ደግሞ ከ150,000 በላይ ዝርያ አለው። ከዚህ ውስጥ ብዙውን ባለሙያ ራሱ በማይክሮስኮፕ ካልሆነ አይለየውም። ስለዚህ በስልክ ፎቶ ኦርደር ላይ ከደረሳችሁ ጥሩ ነው፣ ፋሚሊ ላይ ከደረሳችሁ በጣም ጥሩ ነው፣ ጂነስ ላይ ከደረሳችሁ ቡና ጋብዙ። ስፒሺስ የሚገኘው አንዳንዴ ነው።

ይሄ የሚያሳፍር ነገር አይደለም። የማር ንባችንን እንኳ እዩ። ስዊድናዊው ሳይንቲስት ሊኒየስ እ.ኤ.አ. በ1758 ኤፒስ ሜሊፌራ ብሎ ስም አውጥቶላታል፣ ዝርያዋ ላይ ክርክር የለም። ግን የኢትዮጵያዋ ንብ የትኛው ንዑስ ዝርያ ናት ሲባል፣ በ2004 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት አምስት ቦታ ከፋፈላት፣ በ2011 እ.ኤ.አ. የወጣ ሌላ ጥናት ደግሞ የለም አንድ ናት ብሎ ሲመንሲስ የሚል አዲስ ስም ሰጣት። ሺህ ዘመን ማሯን በልተን፣ ጠጇን ጠጥተን ገና እየተከራከርን ነው። እናንተ በአንድ ከሰዓት የጓሮ ጉንዳን ስሟ ካልተገኘ ብላችሁ አትናደዱ።

ምን ያስፈልጋል

ብዙ አይደለም። ስልክ፣ ክዳን ያለው ንጹሕ ብልቃጥ፣ ማስመሪያ፣ እርሳስ፣ ነጭ ወረቀትና ዐሥር እጥፍ የምታጎላ ትንሽ አጉሊ መነጽር፤ ወርቅ ሠሪዎች ዓይናቸው ላይ የሚደግኗት ዓይነት። መነጽሯ ከሁሉም ትበልጣለች። ስልካችሁ ካሜራው የቱንም ያህል ቢሆን የ3 ሚሊሜትር ጉንዳን ወገብ በጥራት አያሳያችሁም፣ መነጽሯ ታሳያለች። መነጽሯን ዓይናችሁ ላይ አስጠግታችሁ ነፍሳቷን ወደ መነጽሯ አምጡ፣ ብዙ ሰው በተቃራኒው እያደረገ ነው «አይታየኝም» የሚለው።

የምትበር ነገር ከያዛችሁ ብልቃጡን ፍሪጅ ውስጥ ዐሥር ደቂቃ አስቀምጡት። ፍሪዘሩ ውስጥ አይደለም። ቅዝቃዜው ያደነዝዛታል፣ አውጥታችሁ ሳትሞቅ በፊት ሁለት ሦስት ደቂቃ ተረጋግታችሁ ታያላችሁ፣ ከዚያ ሞቅ ሲላት ትበራለች። ባለቤቴ ከቲማቲሙ አጠገብ የተቀመጠ ብልቃጥ ውስጥ ተርብ ስታገኝ ያለችውን እዚህ አልጽፈውም። ብቻ ብልቃጡ ላይ ጻፉበት።

ሰዓቱም ወሳኝ ነው። የእኛ አገር ደጋ ነው፣ ከተማዋና ዙሪያዋ ከ2,000 ሜትር በላይ ነው ያሉት። ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ብትወጡ የሚበር ነገር አታገኙም፣ ሁሉም ፀሐይ እየጠበቀ ነው። ከ4 እስከ 9 ሰዓት ባለው ውጡ። ግን ብርዱ ራሱ ይጠቅማል። ጠዋት 1 ሰዓት ላይ ሣሩን ብታዩ፣ ብቸኛ ኑሮ የሚኖሩ ንቦችና ተርቦች የሣር ግንድ በመንጋጋቸው ነክሰው ተንጠልጥለው ተኝተው ታገኛላችሁ። ጤዛ ለብሰዋል፣ አይንቀሳቀሱም። እንደዚያ ያለ ፎቶ ቀን ላይ በገንዘብ አይገዛም።

ፎቶ ስታነሱ ሦስት አቅጣጫ፦ ከላይ፣ ከጎን፣ ከፊት ለፊት ፊቷን። አንድ ብቻ ከሆነ የምትችሉት ለጉንዳን ከጎን አንሱ። አጠገቧ ማስመሪያ ይኑር። «ትልቅ ናት» ማለት ምንም ማለት አይደለም፣ የፈራ ሰው ያያት ተርብ ሁሉ የድንቢጥ ያህል ናት።

መጀመሪያ ቁጠሩ

እግር ቁጠሩ። 6 ከሆነ ነፍሳት ናት። 8 ከሆነ ሸረሪት፣ መዥገር ወይም ጊንጥ ናት፣ ሌላ መንገድ ነው። ሰውነቷ ሦስት ክፍል መሆኑንም እዩ፦ ራስ፣ ደረት፣ ሆድ። ትምህርት ቤት «ሦስት አፅቄ» ያሉን ከዚሁ የመጣ ነው፣ ያኔ በቃላችን ሸመደድነው እንጂ ማንም ወደ ሜዳ አውጥቶ አላሳየንም።

ቀጥሎ ክንፍ። ዝንብ፣ ትንኝና ዘመዶቻቸው ሁለት ክንፍ ብቻ ነው ያላቸው። የኋላው ጥንድ ወደ ትንሽ እንክብል ተቀይሮ ሚዛን መጠበቂያ ሆኗል። ንብና ተርብ አራት አላቸው። ወጥመዱ ምን መሰላችሁ፣ የንብና የተርብ የኋላ ክንፍ ትንሽ ነው፣ በጥቃቅን መንጠቆዎች ከፊተኛው ጋር ይያያዛል፣ ስለዚህ ስትበር ሁለት ክንፍ ያላት ትመስላለች። ያን ጊዜ ክንፉን ተዉትና አንቴናዋን (ራሷ ላይ ያሉትን ሁለት ቀንዶች) እና ዓይኗን እዩ። የዝንብ አንቴና አጭር ነው፣ ከፊቷ ላይ እምብዛም አይታይም፣ ዓይኗ ደግሞ ጭንቅላቷን ሊጨርሰው ምንም አይቀረውም። የተርብ አንቴና ረጅምና ግልጽ ነው።

ይሄን በመስከረም አደይ አበባ ላይ ሞክሩት። ቢጫና ጥቁር ሸንተረር ያላት፣ አየር ላይ ቀጥ ብላ እንደ ሄሊኮፕተር የምትቆም፣ ልጆች «ንብ! ንብ!» እያሉ የሚሸሿት ነገር ብዙ ጊዜ ዝንብ ናት። መንደፊያ የላትም። ተርብ መስላ ነው የምትኖረው፣ ወፍ እንዳይበላት። ከሚበሏት ወፎች ይልቅ የተሳካላት የሰፈራችን ልጆች ላይ ነው።

ከዚያ ወገብ

አሁን ወደ ዋናው መጣን። ንብ፣ ተርብና ጉንዳን በደረትና በሆድ መካከል ክር የመሰለ ቀጭን ወገብ አላቸው። ዘመድ ስለሆኑ ነው። ጉንዳንም ንብም በጥንት ዘመን ከተርብ ወገን የወጡ ናቸው፤ ጉንዳን ማለት ክንፏን ትታ መሬት የወረደች ተርብ ናት ብትሉ ብዙም አልተሳሳታችሁም።

ምስጥ ግን ዘመዳቸው አይደለም። ለብዙ ሰው ይሄ ይገርመዋል። ምስጥ የበረሮ ዘመድ ነው። ወገብ የለውም፣ ሰውነቱ ከላይ እስከ ታች አንድ ወጥ ነው። አንቴናው ቀጥ ያለ፣ እንደ መቁጠሪያ ጨሌ የተሰካካ ነው። የጉንዳን አንቴና ግን እንደ ክንድ ክርኑ ላይ ይታጠፋል። ዝናብ አባርቶ ፀሐይ ሲወጣ ከመሬት እየፈሉ የሚወጡትን ባለ ክንፎች አይታችኋል፣ «እንደ አሸን ፈላ» የምንለው እነሱን አይተን ነው። ከእነሱ አንዷን ያዙና ክንፏን ዘርጉ። አራቱም እኩል ከሆኑ ምስጥ ናት። የፊተኛው ጥንድ ከኋላው ረዘም ካለና ወገብ ካላት ለጋብቻ የወጣች ጉንዳን ናት። ቤት ውስጥ እንጨት ላለው ሰው ይሄ ልዩነት የገንዘብ ጉዳይ ነው፦ ጉንዳኗ መጥታ ትሄዳለች፣ ምስጡ ግን የበሩን መቃን ይበላዋል።

ንብንና ተርብን ለመለየት ደግሞ ፀጉር እዩ። ንብ ፀጉራም ናት፣ የኋላ እግሯ ሰፊ ነው፣ የአበባ ዱቄት ትጭንበታለች። ተርብ ልሙጥ ናት፣ እግሯ ቀጭን ነው። ምክንያቱ ምግብ ነው። ንብ ልጆቿን የምታሳድገው በአበባ ዱቄት ነው፣ ተርብ በሥጋ።

ከንብ ሳንወጣ ጣዝማን ልጥቀስ። መሬት ውስጥ ነው የምትኖረው፣ ከማር ንብ በጣም ታንሳለች፣ አትናደፍም። ማሯን ለመድኃኒት የሚፈልጋት ሰው ብዙ ስለሆነ ጎጆዋ በየቦታው እየተቆፈረ ያልቃል። ሜዳ ላይ ትንሽ ቀዳዳ አይታችሁ ጥቃቅን ንቦች ሲገቡ ሲወጡ ካያችሁ እባካችሁ ፎቶ አንስታችሁ እለፉ፣ ለማንም አትንገሩ።

ጉንዳን፦ ጉብታውን ቁጠሩ

ጉንዳን ወገብ ላይ ጉብ ያለ አንጓ አለ። አንድ ነው ወይስ ሁለት? ይሄ አንድ ጥያቄ ሥራውን ግማሽ ያደርገዋል። ጉንዳኗን ነጭ ወረቀት ላይ በጎኗ አስተኝታችሁ፣ ፀሐይ ወደሚገባበት ዞራችሁ በአጉሊ መነጽር እዩ። መጀመሪያ ላይ አይታይም። አምስተኛዋ ጉንዳን ላይ ድንገት ይገለጥላችኋል፣ ከዚያ በኋላ አለማየት አትችሉም።

አንድ ጉብታ ካላትና ትልቅ ከሆነች፣ ጀርባዋ ከጎን ሲታይ ያለ ስብራት እንደ ቅስት የሚወርድ ከሆነ፣ በአንድ ጎጆ ውስጥም ትልቅም ትንሽም ሠራተኛ ካለ፣ ካምፖኖተስ ብላችሁ ጀምሩ። ጨፍልቃችሁ ብታሸቱ እንደ ሆምጣጤ የሚወጋ ሽታ አለው። ይህ ወገን መንደፊያ የለውም፣ ከሆዱ ጫፍ አሲድ ነው የሚረጨው።

አንድ ጉብታ ኖሯት በጣም ትንሽ፣ ጥቁርና የምታብረቀርቅ፣ ሩጫዋ የማይያዝ ከሆነች የጉብታውን አናት እዩ። ሁለት ጥቃቅን ሹሎች ከወጡበት ሌፒሲዮታ ልትሆን ትችላለች። ይቺ ጂነስ በአገራችን ታሪክ አላት። ሌፒሲዮታ ካኔሰንስ የምትባለው ዝርያ በሰሜን ኢትዮጵያ ሰፋፊ የጋራ ሠፈር ስትመሠርት ተገኝታለች፣ በ2016 እ.ኤ.አ. በወጣው ጥናት ትልቁ ሠፈር 38 ኪሎ ሜትር ድረስ የተዘረጋ ነበር። ከአዲስ አበባ እስከ ደብረ ዘይት አካባቢ ያለውን ርቀት አስቡት፣ ያን ሁሉ ቦታ ጉንዳኖቹ እርስ በርስ እንደ ባዕድ አይተያዩም። አገር ማለት እንዲህ ነው።

ሁለት ጉብታ ካላት የጭንቅላት ነገር እዩ። ሥጋ ወይም ስኳር ትንሽ ወረቀት ላይ አድርጋችሁ ግማሽ ሰዓት ጠብቁ። ብዙ ትናንሾች መጥተው ከመካከላቸው ጭንቅላቷ ከሰውነቷ የገዘፈ፣ ክብደቱ የሚያስጎነብሳት የመሰለች ወታደር ብቅ ካለች ፌይዶሌ ናት። ከተነካች ሆዷን ወደ ላይ ቀስራ በጭንቅላቷ ላይ የምታመጣ፣ ሆዷ ከላይ ሲታይ የልብ ቅርፅ ያለው ከሆነ ደግሞ ክሬማቶጋስተር። እሷን ዛፍ ላይ ፈልጉ፣ ግራር ትወዳለች።

ገብረ ጉንዳን ሌላ ዓለም ነው። ጂነሱ ዶሪለስ ነው። ለመለየት ዓይኑን ፈልጉ፤ የለውም። ሠራተኞቹ ዓይነ ስውር ናቸው፣ የሚመሩት በሽታና በንክኪ ነው። በሰልፍ ይሄዳሉ፣ ከሰልፉ ግራና ቀኝ ትላልቆቹ መንጋጋቸውን ከፍተው ዘብ ይቆማሉ፣ አንድ መንደር በሚሊዮን የሚቆጠር ሊሆን ይችላል። ቤት ሲገባ አመድ እየበተንን አልጋውን እናጥራለን እንጂ ሌላው ጥሩ ዘዴ ለጥቂት ሰዓት ቤቱን ለእሱ መልቀቅ ነው። በረሮውንና ቁንጫውን ጠራርጎ ይወጣል። ጫጩት ካላችሁ ግን ቀድማችሁ አውጡ።

እዚህ ላይ አንድ የሚቆረቁረኝ ነገር አለ። ሰነፍ ሰው ከገብረ ጉንዳን ይማር፣ በበጋ መብሏን ትሰበስባለች ሲባል ሁላችንም ሰምተናል። ነገር ግን ገብረ ጉንዳን እህል አይሰበስብም፣ አዳኝ ነው። ዐውድማ ዳር ተሰልፈው ፍሬ በአፋቸው እየጎተቱ ወደ ጉድጓድ የሚያስገቡት ሌሎች ናቸው፣ ሜሶር የሚባለው ጂነስ እንደዚያ ነው የሚኖረው። ስም ሲሰጥ አንዱ የሌላውን ምስጋና ይወስዳል።

ስለ ዶሪለስ አንድ ነገር ልጨምር። መብራት ጠፍቶ ቆይቶ የመጣ ማታ፣ አምፖሉ ዙሪያ ጣቴን የምታህል ቡናማ፣ ፀጉራም፣ ሆዷ እንደ ቋሊማ የረዘመ ነገር እየተጋጨች ስትበር አይቼ የቤቱን ሰው ሁሉ አስወጥቼ አውቃለሁ። ግዙፍ ተርብ መስላኝ። ለካ «ነች» ያልኳት ወንድ ነው፣ የገብረ ጉንዳን ወንድ። ክንፍና ትልልቅ ዓይኖች አሉት፣ መብራት ይስበዋል፣ መንደፊያ ግን የለውም። ሊኖረውም አይችልም። መንደፊያ ማለት እንቁላል መጣያው ተለውጦ ነው፣ ስለዚህ ከንብም ከተርብም ከጉንዳንም የሚናደፉት ሴቶቹ ብቻ ናቸው።

ተርብ፦ ቤቷን አይታችሁ እሷን እወቁ

ተርብ ላይ ከነፍሳቷ ይልቅ ጎጆዋ ይናገራል። ጎጆዋ አይሸሽም፣ ፎቶ ለማንሳት ይመቻል።

ከቆርቆሮው ሥር ግራጫ፣ እንደ ተገለበጠ ጃንጥላ በአንዲት ቀጭን እጀታ የተንጠለጠለ፣ ክፍሎቹ ወደ ታች ክፍት የሆኑ ከሆነ የወረቀት ተርብ ነው። የደረቀ እንጨት ፍቃ፣ በምራቋ ለውሳ የምትሠራው እውነተኛ ወረቀት ነው። አጥር እንጨት ላይ ነጣ ያሉ የተፋቁ መስመሮች ካያችሁ እሷ ናት። በአፍሪካ ሁለት ጂነሶችን አስቡ። ወገቧ እንደ ሽቦ ረዝሞ ሆዷ ከሩቅ የተንጠለጠለ ከመሰለ ቤሎኖጋስተር፣ ወገቧ አጠር ብሎ ሆዷ እንደ እንዝርት ሁለት ጫፉ የሾለ ከሆነ ፖሊስቲስ። ለእነዚህ እማማ ትክክል ናቸው፦ በቡድን ይኖራሉ፣ ጎጆውን ከነቀነቃችሁ ይመጣሉ፣ ንብ አንዴ ነድፋ ስትሞት እነሱ ደጋግመው ይነድፋሉ። በር ላይ ከሆነ ይነሣ፤ ሰው በማይደርስበት ጫፍ ላይ ከሆነ ግን ተዉት፣ የጎመናችሁን ትል ሲለቅሙ ነው የሚውሉት።

የጭቃ ጎጆ ከሆነ ሁለት ዓይነት ነው። ጣት የሚያካክሉ ቱቦዎች ተደርድረው በላያቸው ጭቃ እንዲያው ተለጥፎባቸው ከሆነ የእኛ በረንዳ እንግዳ ናት፣ ስሊፍሮን። ጥቁር ናት፣ ወገቧ ቢጫና እንደ ክር የቀጠነ ነው፣ ውኃ የፈሰሰበት ቦታ ጭቃ ስታድበለብል ታገኟታላችሁ። ሁለተኛው ዓይነት እንደ ትንሽ እንስራ የተሠራ፣ አንገትና ከንፈር ያለው፣ ቅርንጫፍ ወይም ድንጋይ ላይ የተቀመጠ ነው። የሸክላ ሠሪዋ ተርብ ናት፣ ፋሚሊዋ ከወረቀት ተርቧ ጋር አንድ ነው። አሮጌ ጎጆ ስበሩና ውስጡን እዩ። ሸረሪት ካለ ስሊፍሮን፣ አባጨጓሬ ካለ ሸክላ ሠሪዋ። ጎኑ ላይ ክብ ቀዳዳ ካለ ልጆቹ ወጥተዋል ማለት ነው፣ ባዶ ነው፣ ሳትሳቀቁ አንሡት።

ጎጆ ካላገኛችሁ ስታርፍ ክንፏን እዩ። የወረቀት ተርብና ሸክላ ሠሪዋ ክንፋቸውን በቁመቱ እንደ ነጠላ አጥፈው ነው የሚቀመጡት፣ ቀጭን ዱላ ይመስላል። ስሊፍሮን አታጥፍም። ይቺን አንዲት ነገር ብቻ ብትይዙ ከብዙ ሰው ትሻላላችሁ።

መሬት ላይ እየሮጠች፣ ክንፏን እያርገበገበች፣ ረጃጅም እግሮች ያሏት፣ ጥቁር ሆና ክንፏ ሰማያዊ የሚያብረቀርቅ ካያችሁ ሸረሪት አዳኟ ናት፣ ፖምፒሊድ የሚባለው ፋሚሊ። እንዳትነኳት። የእሷ ንድፊያ ከሚያመሙት ውስጥ ነው።

ከዚያ ደግሞ የማታዩት ብዛት አለ። ከሆዷ ጫፍ ረጅም ክር የጎተተች፣ አንቴናዋን ያለ ዕረፍት የምታንቀጠቅጥ ቀጭን ተርብ ማታ መስኮት ላይ ካያችሁ ኢክኒውሞኒድ ልትሆን ትችላለች። ክሯ የሚያስፈራ ቢመስልም እንቁላል መጣያዋ ነው፣ በእሱ አባጨጓሬ ውስጥ እንቁላል ትጥላለች። በ2017 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ ተምች በቆሎአችን ላይ ሲገባ፣ በአገራችን ተምቹ ላይ እንቁላል ስትጥል የተገኘችው ኮቴሲያ ኢሲፔ የምትባል ጥቃቅን ተርብ የዚህ ዓይነት ኑሮ ነው ያላት።

ከሁሉም የምወዳት ግን የሾላዋን ነው። የሾላ ወይም የዋርካ ፍሬ ስትከፍሉ ውስጡ ጥቃቅን አበባ ነው፣ አበባው ወደ ውስጥ ነው የሚያብበው። ዱቄቱን ከዛፍ ዛፍ የምታደርስ ከ2 ሚሊሜትር እምብዛም የማትበልጥ ተርብ ናት፣ በጠባብ ቀዳዳ ስትገባ ክንፏ ተገንጥሎ ይቀራል፣ እዚያው ጥላ እዚያው ትሞታለች። ብዙውን ጊዜ አንዱ የሾላ ዓይነት የራሱ የሆነች ተርብ አለችው። ስለዚህ ዛፉን ካወቃችሁ ተርቧን ለማወቅ ግማሽ መንገድ ሄዳችኋል። የበሰለ ፍሬ ቆርጣችሁ ብርጭቆ ውስጥ ከታችሁ በስስ ጨርቅ ሸፍኑት፣ ከተገኙ በማግስቱ ጨርቁ ላይ ታዩአቸዋላችሁ።

የሚያሳስቱ

ፀጉራም፣ ቀይና ጥቁር፣ ነጭ ነጠብጣብ ያላት «ጉንዳን» ብቻዋን ስትሮጥ ካያችሁ እጃችሁን ሰብስቡ። ጉንዳን አይደለችም፣ ክንፍ የሌላት ሴት ተርብ ናት፣ ሙቲሊድ። ብቻዋን መሆኗና ከከፋይ የተሠራች መምሰሏ ይነግራችኋል። ጉንዳን የምትመስል፣ ግን የፊት እግሮቿን እንደ አንቴና አንሥታ የምታወዛውዝ ደግሞ ሸረሪት ናት። እግር ቁጠሩ ያልኩት ለዚህ ነው።

ትልቅ፣ ጥቁር፣ እያጉረመረመች የምትበር፣ የደረቀ ምሰሶ ላይ ክብ ቀዳዳ የምትሠራ ንብ ደግሞ አናጢዋ ንብ ናት፣ ዛይሎኮፓ። የሆዷ ጀርባ ልሙጥና የሚያብረቀርቅ ነው። ይሄን የምለው ስልካችሁ ላይ ያለው መለያ መተግበሪያ «ባምብልቢ» ሊላችሁ ስለሚችል ነው። ባምብልቢ ከሰሐራ በታች ባለው አፍሪካ የለችም። መተግበሪያዎቹ በብዛት የተማሩት በአውሮፓና በአሜሪካ ፎቶ ነው፣ የእኛን ነፍሳት ሲያዩ የሚያውቁትን ዘመድ ስም ይጠራሉ። አይናቹራሊስት (ፎቶ ጭናችሁ የነፍሳት ስም የምትጠይቁበት መድረክ) ላይ ከጫናችሁ የማሽኑን የመጀመሪያ ግምት እንዳለ አትቀበሉ፣ ወደ ላይ ወጥታችሁ ፋሚሊው ላይ አቁሙና ሰው እስኪያያት ጠብቁ። ለጉንዳን አንትዌብ የሚባለው የጉንዳን ፎቶዎች ድረ ገጽ ላይ የኢትዮጵያን ዝርዝር ከፍታችሁ ከጎን የተነሡ ፎቶዎችን ማወዳደር ይሻላል።

ወረቀቷ

የሞተች ነፍሳት ካገኛችሁ ወይም ማስቀመጥ ካለባችሁ ከፋርማሲ 70 ፐርሰንት አልኮል ገዝታችሁ ትንሽ ብልቃጥ ውስጥ አድርጓት። አረቄ አይሆንም፣ ውኃው ይበዛል፣ ትበሰብሳለች። ሞክሬዋለሁ፣ ሽታውን አልመኝላችሁም። ብልቃጡ ውስጥ ትንሽ ወረቀት በእርሳስ ጽፋችሁ ክተቱ። በእስክሪብቶ ከጻፋችሁ አልኮሉ ቀለሙን ያጥበዋል፣ ሰማያዊ ውኃ ውስጥ ስም የሌላት ተርብ ትቀርላችኋለች።

ወረቀቷ ላይ ቦታው፣ ከፍታው (ስልካችሁ ይነግራችኋል)፣ ምን ላይ እንደነበረች፣ ምን ስታደርግ እንደነበረ ይጻፍ። ቀኑ ላይ ተጠንቀቁ፣ የእኛ አገር ችግር እዚህ ነው። «12/1/18» ብላችሁ ብትተዉት ሌላ አገር ያለ ሰው ጃንዋሪ ወይም ዲሴምበር ብሎ ያነበዋል። መስከረም 12 ቀን 2018 ዓ.ም፣ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 22 ቀን 2025 ብላችሁ ሁለቱንም ጻፉ። ሰዓቱንም «ከጠዋቱ 4 ሰዓት» ካላችሁ «በኢትዮጵያ» ጨምሩበት። እኔ መጀመሪያ ላይ ይሄን ሳላውቅ ያጠራቀምኳቸው ብልቃጦች አሁን የትኛው ክረምት እንደሆነ እኔ ራሴ አላውቅም፣ ከጥቅም ውጪ ናቸው።

ከነደፋችሁ፦ የማር ንብ ከሆነች መንደፊያው ቆዳ ላይ ይቀራል፣ ቶሎ በጥፍር ፍቃችሁ አውጡት፣ ታጠቡ፣ ቀዝቃዛ ነገር ያዙበት። ፊት ካበጠ፣ መተንፈስ ካስቸገረ ወይም ሰውነት በሙሉ ሽፍ ካለ ግን መነጽሩንም ብልቃጡንም ጥላችሁ በቅርብ ወዳለው ጤና ጣቢያ ሩጡ። ቀፎ አጠገብ ደግሞ ለመለየት ብላችሁ አትጠጉ፣ የእኛ ንብ ቁጡ ናት፣ ለማየት የምትፈልጉት ሁሉ አበባ ላይ አለ።

ብልቃጣችሁን ይዛችሁ የምትሄዱበት ከፈለጋችሁ አራት ኪሎ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የእንስሳት የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም አለ፣ ለንብ ጉዳይ ደግሞ ሆለታ የንብ ምርምር ማዕከል። ባዶ እጃችሁን «እንዲህ ያለች ነገር አይቼ…» ብላችሁ አትሂዱ። ነፍሳቷን፣ ሦስቱን ፎቶና ወረቀቷን ይዛችሁ ሂዱ።

የስሊፍሮኗ ጎጆ አሁንም በረንዳው ላይ አለ። አዲስ ክፍል ጨምራበታለች። እማማ በቀደም የክብሪት ቤት ይዘው መጥተው ነበር፣ ውስጡ አንዲት የደረቀች ቡናማ ነገር። «ወገቧን ቆጠርኩ» አሉኝ፣ «አንድ ነው። ቀንዷ ግን አይታጠፍም።» አብረን በመነጽር አየናት። ክንፏ አራት፣ ኢክኒውሞኒድ ትመስላለች። ወረቀቷ ላይ እዚያው ድረስ ጽፌ አቆምኩ።